ፈረንሳይ ሦስት ጊዜ ወድቃ ሦስት ጊዜ የተነሣችበት ታሪክ

እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 10 ቀን 1419 የፈረንሳይን ምድር ለሁለት ከፍለው ሲጋደሉ የኖሩ ወገኖች ለእርቅ ተቀጣጠሩ። ቦታው ከፓሪስ በስተደቡብ ምሥራቅ የምትገኘው የሞንትሮ ከተማ ድልድይ ነበር። በአንድ በኩል የ16 ዓመቱ አልጋ ወራሽ ሻርል፣ በሌላ በኩል ደግሞ በአገሩ እጅግ ኃያል የነበረው የቡርጎኝ መስፍን ከአጃቢዎቻቸው ጋር መጡ። ድልድዩ ላይ በእንጨት የታጠረ መነጋገሪያ ተበጅቶላቸው ነበር። መስፍኑ ወደ አጥሩ ገብቶ ለአልጋ ወራሹ እጅ ነሣ። ጥቂት እንደተነጋገሩ ቃል ከቃል ተያያዙ። ከአልጋ ወራሹ ሰዎች አንዱ መጥረቢያ አንሥቶ መስፍኑን ራሱን መታው፤ ሌሎቹ ጨረሱት። ለእርቅ የታጠረው ቦታ በደም ታጠበ።

ከመቶ ዓመት በኋላ አንድ መነኩሴ የመስፍኑን የተሰነጠቀ የራስ ቅል ለንጉሥ 1ኛ ፍራንሷ አሳይቶ፣ እንግሊዞች ወደ ፈረንሳይ የገቡት በዚህ ቀዳዳ ነው አለው ይባላል። እውነቱን ነው። ባዕድ ፈረንሳይን ሲደፍር በር የከፈተለት ብዙውን ጊዜ የገዛ ልጆቿ ጠብ ነበር። በ1420፣ በ1589 እና በ1940 አገሪቱ ያለቀላት መስላ ነበር። ሦስቱንም ጊዜ ያነሷት ማንም ያልጠበቃቸው ሰዎች ናቸው፤ አንዲት የገበሬ ልጅ፣ ሃይማኖቱ ከአብዛኛው ሕዝብ የተለየ አንድ ንጉሥ፣ ጦር የሌላቸው አንድ ጄኔራል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታትና ቀናት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የዶምሬሚዋ ልጅ

እንግሊዝና ፈረንሳይ በፈረንሳይ ዘውድ ይገባኛል ሰበብ ከ1337 ጀምሮ ሲዋጉ ኖረዋል። በ1415 በአዠንኩር ሜዳ የእንግሊዝ ቀስተኞች የፈረንሳይን መኳንንት እንደ ሰብል አጨዷቸው። የፈረንሳዩ ንጉሥ 6ኛ ሻርል ደግሞ አእምሮው የሚታወክ በሽተኛ ነበር። በዚህ ሁሉ ላይ የሞንትሮው ግድያ ተጨመረ። የሟቹ መስፍን ልጅ ፊሊፕ የአባቱን ደም ሊመልስ ከእንግሊዝ ጋር ተሰለፈ። ሜይ 21 ቀን 1420 በትሯ ከተማ በተፈረመው ውል ንጉሡ የገዛ ልጁን ከውርስ ነቅሎ፣ ሴት ልጁን ለእንግሊዙ ንጉሥ ለ5ኛ ሄንሪ ለመዳርና ከራሱ ሞት በኋላ ዘውዱ ለሄንሪና ለዘሩ እንዲሆን ተስማማ።

በ1422 ሁለቱም ነገሥታት ተከታትለው ሞቱ። ዓመት ያልሞላው ሕፃን 6ኛ ሄንሪ የሁለት አገር ንጉሥ ተባለ። ፓሪስንና ሰሜኑን እንግሊዞችና ቡርጎኞች ያዙ። ከውርስ የተነቀለው ሻርል ከልዋር ወንዝ ወዲያ ወደ ደቡብ ሸሽቶ ተቀመጠ፤ ጠላቶቹም በተጠጋባት ከተማ ስም «የቡርዥ ንጉሥ» እያሉ ይሳለቁበት ነበር። በኦክቶበር 1428 እንግሊዞች የልዋርን መሻገሪያ ለመያዝ የኦርሌያንን ከተማ ከበቡ። ኦርሌያን ከወደቀች ወደ ደቡብ የሚከለክላቸው አልነበረም።

በዚያው ዘመን በምሥራቅ ጠረፍ፣ በመዝ ወንዝ ዳር ባለችው የዶምሬሚ መንደር፣ አንዲት የገበሬ ልጅ ትኖር ነበር። ብዙ አንባቢ ጆአን ኦፍ አርክ በሚለው ስም የሚያውቃት ዣን ዳርክ ናት። ፊደል አልቆጠረችም፤ ከእናቷ የተማረችው ፈትልና ስፌት፣ ጸሎትም ነበር። በ13 ዓመቷ የቅዱስ ሚካኤልን፣ የቅድስት ካትሪንንና የቅድስት ማርግሬትን ድምፅ መስማት እንደጀመረች፣ ድምፆቹም ሄደሽ አልጋ ወራሹን አንግሺ እንዳሏት ኋላ ለዳኞቿ ተናግራለች። በአቅራቢያዋ ወደነበረው የቮኩሌር ምሽግ አዛዥ ወደ ቦድሪኩር ሄዳ ወደ ንጉሡ እንዲልካት ጠየቀችው። አዛዡም አብሯት የመጣውን ዘመዷን፣ በጥፊ መትተህ ወደ አባቷ መልሳት አለው።

ተመልሳ መጣች። አሁን የከተማው ሰው አምኖባት ስለነበር ፈረስና የወንድ ልብስ አዘጋጀላት። ፀጉሯን ተቆረጠች። በፌብሩዋሪ 1429 ከ6 አጃቢዎች ጋር ተነሥታ ጠላት በያዘው አገር መሀል ለ11 ቀን ተጉዛ አልጋ ወራሹ ከነበረበት ከሺኖን ግንብ ደረሰች። ሻርል ሰማት፤ ነገር ግን ሳያስመረምር አላመናትም። በፑዋቲዬ ከተማ የሃይማኖት ሊቃውንት ጠይቀው፣ መርምረው፣ ክፉ ነገር አላገኘንባትም ሲሉ ጥሩርና ሰንደቅ ዓላማ ተሰጣት።

ኤፕሪል 29 ቀን ኦርሌያን ገባች። በከተማው ውስጥ ልምድ ያላቸው የጦር አለቆች ነበሩ፤ የጎደላቸው ድል ማድረግ እንችላለን የሚል እምነት ነበር። ሜይ 7 ቀን በልዋር ድልድይ ጫፍ ባለው የቱሬል ምሽግ ላይ ውጊያው ጠንክሮ ሳለ ቀስት አንገቷና ትከሻዋ መካከል ገባ። አለቀሰች። ቀስቱ ተነቅሎ ቁስሏ ከታሰረ በኋላ ወደ ውጊያው ተመለሰች። ወደ ማታ አለቆቹ ለዛሬ ይብቃን ሲሉ እሷ ጥቂት ታገሡ ብላ ፈንጠር ካለች ቦታ ጸለየች፤ ከዚያ ዓላማዋን ይዛ ወደ ምሽጉ አመራች። ሠራዊቱ ተከተላት፤ ቱሬል ተያዘ። በማግስቱ እሑድ እንግሊዞች ከከበባው ወጥተው ሜዳ ላይ ተሰለፉ። ዣን ሰንበት ነው፣ እነሱ ካልጀመሩ አትንኳቸው አለች። ቅዳሴ ሲያበቃ ጠላት ጀርባውን ሰጥቶ ሲሄድ ታየ። ሰባት ወር የቆየው ከበባ እሷ በገባች በ10ኛው ቀን ተሰበረ።

ጁን 18 ቀን በፓቴ ሜዳ እንግሊዞች ድል ሆኑ። የጦር አማካሪዎች ወደ ፓሪስ ወይም ወደ ኖርማንዲ እንዝመት ሲሉ፣ እሷ ወደ ሬምስ ነው አለች። ነገሩ ገብቷት ነበር። የፈረንሳይ ሰው ንጉሥ ነው ብሎ የሚቀበለው በሬምስ ቅብዐ ቅዱስ የተቀባውን ነበር፤ የትሯን ውል የሚሽረውም ይኸው ቅባት ነበር። ጁላይ 17 ቀን 1429 ሻርል በሬምስ ካቴድራል 7ኛ ሻርል ተብሎ ሲነግሥ የገበሬዋ ልጅ ዓላማዋን ይዛ አጠገቡ ቆማለች።

ከዚያ በኋላ ዕድሏ ተገለበጠ። በሴፕቴምበር ፓሪስን ለመያዝ ሞክራ ጭኗን ቆስላ ተመለሰች። ሜይ 23 ቀን 1430 በኮምፒየኝ ከተማ በር ላይ ቡርጎኞች ማረኳት፤ በ10,000 ሊቭር ለእንግሊዞች ሸጧት። ያነገሠችው ንጉሥ ቤዛዋን ሊከፍል አልሞከረም። በሩዋን ከተማ ኮሾን የተባለ ለእንግሊዝ ያደረ ፈረንሳዊ ጳጳስ ለፍርድ አቀረባት። እግሯ በሰንሰለት ታስሮ ለወራት ተመረመረች። አንድ ቀን በእግዚአብሔር ጸጋ ውስጥ ነሽን ብለው ጠየቋት። ነኝ ብትል ትዕቢት፣ አይደለሁም ብትል ኑዛዜ ይሆንባት ነበር። በጸጋው ከሌለሁ እግዚአብሔር ያግባኝ፤ ካለሁም በዚያው ያጽናኝ ብላ መለሰች። ሊቃውንቱ የሚሉት አጡ።

ሜይ 30 ቀን 1431 በሩዋን አሮጌው ገበያ በእሳት ተቃጠለች። ዕድሜዋ 19 ገደማ ነበር። መስቀል ስጡኝ ብትል አንድ እንግሊዛዊ ወታደር ከእንጨት ቁራጭ መስቀል ሠርቶ ሰጣት፤ ደረቷ ላይ ሸሸገችው። አመዷን ሴን ወንዝ ውስጥ በተኑት።

ጦርነቱን የፈጸመው ግን እርቅ ነው። በ1435 በአራስ ከተማ 7ኛ ሻርል ከቡርጎኙ ፊሊፕ ጋር ታረቀ፤ የሞንትሮውን ግድያ አውግዞ ለሟቹ ነፍስ ጸሎት እንዲደረግ ቃል ገባ። በ1419 የተከፈተው ቀዳዳ እንዲህ ተደፈነ። በዓመቱ ፓሪስ ለንጉሡ ተመለሰች፤ በ1453 እንግሊዞች ከካሌ ወደብ በቀር ከፈረንሳይ ምድር ወጡ። አሮጊቷ የዣን እናት ኢዛቤል ኖትር ዳም ቆማ ለልጄ ፍረዱላት ብላ ጮኸች። ጁላይ 7 ቀን 1456 የሩዋን ፍርድ ተሻረ።

ሚዛን የያዘው ንጉሥ

አንድ መቶ ዓመት ካለፈ በኋላ ፈረንሳይ እንደገና ተከፈለች፤ የአሁኑ መክፈያ ሃይማኖት ነበር። የካልቪንን ትምህርት የተቀበሉት ሁግኖ የሚባሉት ፕሮቴስታንቶች ከመኳንንቱም ከነጋዴውም ወገን በዝተው ነበር። ማርች 1 ቀን 1562 የጊዝ መስፍን ሰዎች በቫሲ ከተማ ለጸሎት የተሰበሰቡ ሁግኖዎችን ፈጁ። ከዚያ ወዲህ በ36 ዓመት ውስጥ ስምንት የእርስ በርስ ጦርነት ተቆጠረ።

በ1553 በፖ ከተማ የተወለደው የናቫሩ ሄንሪ በዚህ እሳት ውስጥ አደገ። እናቱ የናቫር ንግሥት ዣን ዳልብሬ የሁግኖዎች ጋሻ ነበረች። የፈረንሳዩ ንጉሥ እናት ካትሪን ዴ ሜዲቺ ወገኖቹን ለማስታረቅ ሴት ልጇን ማርግሪትን ለሄንሪ ዳረች። ኦገስት 18 ቀን 1572 ጋብቻው ከኖትር ዳም ደጃፍ በተሠራ መድረክ ላይ ተፈጸመ፤ ሙሽራው ፕሮቴስታንት በመሆኑ ለቅዳሴው አልገባም። ለሠርጉ የሁግኖ መኳንንት ሁሉ ፓሪስ ተሰብስበው ነበር። በስድስተኛው ቀን፣ በቅዱስ በርቶሎሜዎስ በዓል ሌሊት፣ የቤተ ክርስቲያን ደወል ተደወለ። የሁግኖዎቹ መሪ አድሚራል ኮሊኒ በመኝታ ክፍሉ ተገድሎ ሬሳው በመስኮት ተወረወረ። በፓሪስ በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች ታረዱ፤ ግድያው ወደ ሌሎች ከተሞችም ተዛመተ። የ18 ዓመቱ ሙሽራ ንጉሡ ፊት ቀርቦ ከቅዳሴና ከሞት ምረጥ ተባለ። ቅዳሴን መረጠ። ከሦስት ዓመት ተኩል የግዞት ኑሮ በኋላ፣ በፌብሩዋሪ 1576፣ አደን ወጣሁ ብሎ ከቤተ መንግሥቱ አመለጠና ወደ ቀድሞ እምነቱ ተመለሰ።

በ1584 የንጉሥ 3ኛ ሄንሪ የመጨረሻ ወንድም ሲሞት የዘውዱ ወራሽ ይኸው ሁግኖ ሆነ። የካቶሊክ ሊግ የሚባለው ማኅበር ይህን አልቀበልም ብሎ ከስፔን ንጉሥ ጋር ተዋዋለ። ቀዳዳው እንደገና ተከፈተ። በ1588 3ኛ ሄንሪ የሊጉን መሪ የጊዝን መስፍን በብልዋ ግንብ አስገደለ። በስምንተኛው ወር አንድ መነኩሴ ንጉሡን በጩቤ ወጋው፤ ኦገስት 2 ቀን 1589 ሞተ። የናቫሩ ሄንሪ 4ኛ ሄንሪ ተባለ፤ ዋና ከተማው ግን በሩን ዘጋበት።

ማርች 14 ቀን 1590 በኢቭሪ ሜዳ የሊጉን ጦር ድል ሲያደርግ ራስ ቁሩ ላይ ነጭ ላባ ሰክቶ፣ ዓላማችሁ ከወደቀ ላባዬን ተከተሉ ብሎ እንደነበር ይነገራል። ከዚያ ፓሪስን ከበበ። የከተማው ሰው ውሻና ድመት ጨርሶ አይጥ በላ፤ የሙታን አጥንት ፈጭቶ እስከ መጋገር ደረሰ። ሄንሪ የገዛ ሕዝቡ በረኃብ ሲያልቅ ማየት ስለከበደው ሴቶችና ሕፃናት እንዲወጡ ፈቀደ። የስፔን ጦር ደርሶ ከበባውን ሰበረ፤ ኋላም የስፔን ወታደሮች ፓሪስ ውስጥ ሰፈሩ። በ1593 በፓሪስ በተሰበሰበው የሊጉ ጉባኤ የስፔን ንጉሥ ልጅ የፈረንሳይ ንግሥት ትሁን የሚል ሐሳብ ቀረበ።

ሄንሪ በጦር ብቻ የትም እንደማይደርስ ገባው። ጁላይ 25 ቀን 1593 የፈረንሳይ ነገሥታት ይቀበሩበት በነበረው በቅዱስ ዴኒ ቤተ ክርስቲያን ካቶሊክነትን ተቀበለ። ብዙዎች አስመሳይ አሉት። ሥራው ግን ለአገሩ የከፈለው ዋጋ እንደነበር መሰከረለት። ሬምስ በሊጉ እጅ ስለነበረች በፌብሩዋሪ 1594 በሻርትር ዘውድ ጫነ። ማርች 22 ቀን ጎሕ ሲቀድ የፓሪስ ገዥ በሩን ከፈተለትና ያለ ብዙ ደም ገባ። የስፔን ወታደሮች በዚያው ቀን ከነመሣሪያቸው እንዲወጡ ፈቀደ። በመስኮት ሆኖ ሲሸኛቸው፣ ለጌታችሁ ሰላምታዬን አድርሱልኝ፣ ዳግመኛ ግን አትምጡ አላቸው ይባላል። የሊጉን አለቆች አንድ በአንድ በይቅርታ፣ በሹመትና በገንዘብ አስገባ፤ የገንዘብ ሹሙ ሱሊ እንዳሰላው ለዚህ ከ30 ሚሊዮን ሊቭር በላይ ወጣ። ወዳጆቹ ጠላት ተሸለመ ብለው አጉረመረሙ። እሱ ግን ጦርነት ከዚህ እጅግ ይበልጥ እንደሚፈጅ ያውቅ ነበር።

በኤፕሪል 1598 የናንት አዋጅ ወጣ። ሁግኖዎች በተወሰኑ ቦታዎች አምልኳቸውን እንዲፈጽሙ፣ ሹመት እንዲያገኙ፣ ከሁለቱም እምነት ዳኞች በተቀመጡባቸው ችሎቶች እንዲዳኙ፣ ለመተማመኛ የሚሆኑ ምሽጎችም እንዲይዙ ተፈቀደላቸው። ከሁሉ የሚበልጠው የአዋጁ መግቢያ አንቀጽ ነው፤ በሁለቱም ወገን የተፈጸመው ሁሉ እንዳልተደረገ ተቆጥሮ መታሰቢያው እንዲጠፋ፣ ማንም ያለፈውን እያነሣ ሌላውን እንዳይከስና እንዳይሰድብ ያዝዛል። የፓሪስ የበላይ ፍርድ ቤት አዋጁን አልመዘግብም ቢል ሄንሪ ዳኞቹን ጠርቶ እንደ አባትም እንደ ንጉሥም ተናገራቸው፤ በፌብሩዋሪ 1599 መዘገቡት። ከስፔን ጋርም በዚያው በ1598 ታረቀ።

ከዚያ በኋላ የነበረው ዘመን የማረሻ ዘመን ሆነ። ሱሊ ገበሬው የሚከፍለውን ግብር ቀነሰ፣ መንገድና ድልድይ ሠራ፣ ዳሩን ዛፍ አስተከለ። ፓሪስ ውስጥ በሴን ወንዝ ላይ ዛሬም ቆሞ ያለው ፖን ነፍ ድልድይ በሄንሪ ዘመን ተፈጸመ። ሜይ 14 ቀን 1610 ንጉሡ የታመመውን ሱሊን ሊጠይቅ በሠረገላ ወጣ። በጠባቧ ፌሮንሪ ጎዳና የጭነት ጋሪዎች መንገዱን ዘግተው ሠረገላው ቆመ። ራቫያክ የተባለ አክራሪ ካቶሊክ በሠረገላው ጎማ ላይ ወጥቶ በቢላ ወጋው። ብዙ ጊዜ ከግድያ ሙከራ ያመለጠው ንጉሥ በ56 ዓመቱ ሞተ።

የልጅ ልጁ 14ኛ ሉዊ በ1685 የናንትን አዋጅ ሻረ። ወደ 200,000 የሚጠጉ ሁግኖዎች እጃቸው ላይ ያለውን ሙያና ንግድ ይዘው ወደ ሆላንድ፣ ወደ እንግሊዝና ወደ ጀርመን አገሮች ተሰደዱ። ፈረንሳይ ዕርቋን ስታፈርስ የከሰረችውን ጎረቤቶቿ አተረፉት።

ጦር የሌላቸው ጄኔራል

አብዮቱ መጣ፤ ናፖሊዮን መጥቶ ሄደ፤ ዘውድና ሪፐብሊክ ተፈራረቁ። ፈረንሳይ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በድል ብትወጣም ከ1,300,000 በላይ ወታደር ሞቶባት ነበር። በ1930ዎቹ ግራና ቀኝ ተቧድነው እርስ በርስ ከባዕድ ይልቅ ይጠላሉ ነበር። ሜይ 10 ቀን 1940 የጀርመን ጦር ተንቀሳቀሰ፤ ጁን 14 ቀን ፓሪስ ገባ። በሚሊዮን የሚቆጠር ሕዝብ ጋሪውንና ፍራሹን ይዞ ወደ ደቡብ ሲሸሽ መንገዱን ሞላው።

ጁን 17 ቀን 1940 ሦስት ነገር ሆነ። የመጀመሪያው፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት የቬርደን ጀግና የነበሩት የ84 ዓመቱ ማርሻል ፔታን ሥልጣን በያዙ ማግስት ውጊያ መቆም አለበት ብለው በሬዲዮ ተናገሩ። ሁለተኛው በሻርትር ነው። የ40 ዓመቱ አስተዳዳሪ ዣን ሙላን በጀርመን መኮንኖች ፊት ቀረቡ። የሴኔጋል ወታደሮች ሴቶችንና ሕፃናትን ደፍረው ገደሉ የሚል ወረቀት ላይ ፈርሙ ተባሉ። ሰዎቹ የሞቱት በቦምብ ነበር፤ የጥቁር ወታደሮችን ስም በሐሰት አላጠፋም ብለው እምቢ አሉ። ሲደበድቧቸው ዋሉ። ማታ ከታሰሩበት ክፍል፣ ነገ ድብደባው አሸንፎኝ ልፈርም እችላለሁ ብለው ሰግተው፣ በመስታወት ስባሪ ጉሮሯቸውን ቆረጡ። ጠባቂ ደርሶ ተረፉ። ሦስተኛው በቦርዶ ነው። ከ12 ቀን በፊት የጦር ምክትል ሚኒስትር ሆነው የተሾሙት የ49 ዓመቱ ብርጋዴር ጄኔራል ሻርል ደጎል በአንዲት የእንግሊዝ አውሮፕላን ወደ ለንደን ሄዱ።

በማግስቱ፣ ጁን 18 ቀን፣ በቢቢሲ ማይክሮፎን ፊት ቀርበው፣ ጦርነቱ የዓለም ጦርነት ነው፣ ፈረንሳይ ብቻዋን አይደለችም፣ የሚችል ሁሉ ወደ እኔ ይምጣ አሉ። የሰማቸው ጥቂት ነው። ጁን 22 ቀን የተኩስ አቁም ውሉ ተፈረመ፤ ቦታው ዣን ዳርክ በተማረከችበት ከተማ አጠገብ ያለው የኮምፒየኝ ጫካ ነበር፤ ሂትለር ጀርመን በ1918 እጇን የሰጠችበትን የባቡር ፉርጎ ከተቀመጠበት አስወጥቶ በዚያው ውስጥ አስፈረመ። የፔታን መንግሥት ቪሺ ላይ ተቀምጦ ከወራሪው ጋር ሠራ፤ አይሁዳውያንንም አሳልፎ ሰጠ። ደጎልንም በሌሉበት ሞት ፈረደባቸው።

ጥሪውን ከተቀበሉት መካከል ከትንሿ የባሕር ደሴት ከሴን በጀልባ ወደ እንግሊዝ የተሻገሩ ከመቶ የሚበልጡ ዓሣ አጥማጆች ይገኛሉ። አብዛኞቹ ትልልቅ ጄኔራሎችና አምባሳደሮች ግን አልመጡም። ለደጎል፣ ነጻ ፈረንሳይ ለተባለው ንቅናቄያቸው፣ መቆሚያ ምድር የሰጧቸው በካየን የተወለዱት፣ የባሪያዎች የልጅ ልጅ የሆኑት ጥቁሩ የቻድ ገዥ ፌሊክስ ኤቡዌ ናቸው። ኦገስት 26 ቀን 1940 ቻድ ከደጎል ጋር መቆሟን አወጁ። ካሜሩንና ኮንጎ ተከተሉ፤ ብራዛቪል የነጻ ፈረንሳይ መናገሻ ሆነች። ሎሬን መስቀል የሚባለው ባለሁለት አግድም መስቀል ምልክታቸው ሆነ፤ የዣን ዳርክ መንደር ያለችበት አካባቢ ምልክት ነው።

የዚህ ጦር ታሪክ ከእኛም አካባቢ ታሪክ ጋር ይገናኛል። በ1941 መጀመሪያ ከቻድ የተነሣ ሻለቃ በኤርትራ በኩብኩብ ከጣሊያን ጋር ተዋጋ፤ ኤፕሪል 8 ቀን በኮሎኔል ሞንክላር የሚመራ ጦር ከእንግሊዞች ጋር ምጽዋ ገባ። ወር ሳይሞላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ አዲስ አበባ ገቡ። በ1942 በሊቢያ በረሃ በቢር ሃኬም ከ3,700 የማይበልጡ የነጻ ፈረንሳይ ወታደሮች የጀርመኑን አዛዥ የሮሜልን ጦር ለሁለት ሳምንት ያህል ገትረው ያዙ።

በአገር ውስጥ ደግሞ የውስጥ አርበኞች በየፊናቸው ይዋጉ ነበር፤ ኮሚኒስቱ ለብቻ፣ ወግ አጥባቂው ለብቻ፣ ሶሻሊስቱ ለብቻ። ደጎል እነዚህን አንድ እንዲያደርጉ የላኳቸው ሰው ጉሮሯቸውን ቆርጠው የተረፉት ዣን ሙላን ናቸው። በጃንዋሪ 1942 በጃንጥላ ወረዱ። የአንገታቸውን ጠባሳ በሻርፕ ሸፍነው፣ ስማቸውን እየለዋወጡ፣ ከአንዱ ቡድን ወደ ሌላው ሲመላለሱ ከረሙ። ሜይ 27 ቀን 1943 በተያዘችው ፓሪስ፣ በአንድ መኖሪያ ቤት ውስጥ፣ የ8 የአርበኛ ንቅናቄዎች፣ የ6 ፓርቲዎችና የ2 የሠራተኛ ማኅበራት ተወካዮች ተሰብስበው ደጎልን መሪያችን አሉ። ወር ሳይሞላ፣ ጁን 21 ቀን፣ ሙላን ሊዮን አጠገብ ተያዙ። ጌስታፖ አሠቃያቸው፤ የአንድም ጓደኛ ስም ሳያወጡ ሞቱ።

ኦገስት 25 ቀን 1944 የነጻ ፈረንሳዩ ጄኔራል የለክሌር ጦር ፓሪስ ገባ። ደጎል ሪፐብሊክን ዳግም አውጁ ሲባሉ፣ መቼ ተቋርጦ ነው አሉ። ኮሚኒስቶችን በመንግሥታቸው ውስጥ አስገቡ፤ የፈረንሳይ ሴቶች የመምረጥ መብት አገኙ። በፔታን ላይ የተፈረደውን ሞት ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ለወጡላቸው።

ሆኖም እርቁ ሁሉንም አላቀፈም። ለፈረንሳይ የተዋጉ የአፍሪካ ወታደሮች ዲሴምበር 1 ቀን 1944 በሴኔጋል ቲያሮይ ሰፈር ደመወዛችንን ስጡን ስላሉ በፈረንሳይ ጦር ጥይት ተረሸኑ። ሜይ 8 ቀን 1945 ጀርመን እጅ በሰጠችበት ቀን በአልጄሪያ ሴቲፍ የነጻነት ሰልፍ ወጥቶ በሺህ የሚቆጠሩ አልጄሪያውያን ከዚያ በቀጠሉት ሳምንታት ተፈጁ። ያኔ የደጎል መንግሥት ነበር ሥልጣን ላይ ያለው። በ1954 የጀመረው የአልጄሪያ ጦርነት ፈረንሳይን ራሷን ወደ እርስ በርስ ጦርነት አፋፍ አደረሳት። በ1946 ሥልጣን የለቀቁት ደጎል በ1958 ተጠርተው አዲስ ሕገ መንግሥት አወጡ፤ በ1962 የአልጄሪያን ነጻነት ተቀበሉ። በዚህ የተቆጡ የገዛ ወታደሮቻቸው ሊገድሏቸው ሞከሩ። በጃንዋሪ 1963 ደግሞ በሁለት የዓለም ጦርነት ከወጓቸው ከጀርመኖች ጋር የወዳጅነት ውል ፈረሙ።

በዚያው ዓመት ኖቬምበር በአሜሪካው ፕሬዚዳንት በኬኔዲ ቀብር ላይ ረጅሙ ደጎል ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጎን ቆመው ታዩ፤ በኦገስት 1966 አዲስ አበባን ጎበኙ። ፒያሳ ላይ በስማቸው የተጠራው ደጎል አደባባይ ለከተማው ሰው እንግዳ አይደለም። በኤፕሪል 1969 ሕዝበ ውሳኔ አቅርበው ሲሸነፉ በማግስቱ ሥልጣናቸውን አስረክበው ወደ ገጠር ቤታቸው ገቡ፤ ኖቬምበር 9 ቀን 1970 አረፉ።

ዣን ዳርክ፣ 4ኛ ሄንሪና ደጎል አገራችሁ አለቀላት ሲባሉ እሺ አላሉም፤ ለዚህም ይከበራሉ። ግን እምቢታቸው ብቻውን ፍሬ አላፈራም። የዣን ድል በአራስ እርቅ ተፈጸመ፣ የኢቭሪ ድል በናንት አዋጅ ጸና፣ የለንደኑ ጥሪ ሙላን አርበኞቹን በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ሲያስቀምጡ ጉልበት አገኘ። በአንጻሩ የናንት አዋጅ ሲሻርና አፍሪካውያኑ ከእርቁ ሲገፉ አገሪቱ ዳግመኛ ደማች። ስለዚህ የፈረንሳይን ታላላቆች ታሪክ የሚያነብ ሰው የሰይፋቸውን ገድል ብቻ አይቁጠር፤ ከማን ጋር እንደታረቁ፣ ማንንስ ከእርቁ እንዳስቀሩ ይጠይቅ። የአገር ትንሣኤ የሚለካው በዚያ ነው።